የወይዘሮ ወለተሰንበትን ጣሪያ ስላገደው እግድ

ይድረስ ለተከበሩ ጓድ ገብረጊዮርጊስ፣ የቀበሌያችን ፍርድ ሸንጎ ሰብሳቢ
ልደታ

ከነቤተሰብዎ፣ ከነሸንጎዎ፣ ከነማኅተምዎ እንደምን ሰንብተዋል? ክረምቱስ እንዴት ይዞዎታል? የጽሕፈት ቤትዎ ጣሪያ ጠብታ እንደማያሳልፍ ሰምቼ እጅግ ደስ ብሎኛል። እኔ እንቅልፍ እምቢ ከማለቱ በቀር ደህና ነኝ። ደብዳቤውን ከስኳር ራሽኑ ማስታወቂያ ጎን መለጠፌ እርስዎን ለመድፈር ሳይሆን፣ ስኳር የሚፈልግ ሁሉ ፍትሕንም በዚያው እንዲያይ ብዬ ነው።

እንደሚያውቁት፣ ከልደታ ማርያም በስተጀርባ ያለው ግቢያችን ነዋሪዎች፣ ቀበሌው በፈቀደልን ቦታ ላይ ያረጁትን የጭቃ ቤቶች አፍርሶ በድንጋይ እንዲሠራልን ከግንበኛው ከነገሪ ጋር ተዋውለን ነበር። ነገሪ ማፍረሱን ከዳር፣ ከወይዘሮ ወለተሰንበት ቤት ጀመረ። ቆርቆሯቸውን አውርዶ ግቢው ውስጥ ከደረደረ በኋላ ሲሚንቶ ጠፋ አለና ድንጋያችንን እየጫነ ሰንጋ ተራ ወዳለው ሌላ ሥራው ማጋዝ ያዘ። እኛም ክርክሩ እስኪያልቅ ጊዜያዊ እግድ ይሰጠን ብለን ወደ እርስዎ መጣን። ቅሬታዎቼም የሚከተሉት ናቸው።

አንደኛ፣ ስለ ፍጥነትዎ አመሰግናለሁ። እግዱን ጠዋት ጠይቀን ከምሳ በፊት ሰጡን። ዋናውን ክርክር ግን ለመስከረም ቀጠሩት። ዝናቡ ቀጠሮ የማያከብር ባለጌ መሆኑን ያኔ ማን አስቦ!

ሁለተኛ፣ በንብረቱ ላይ ጠባቂ ስላቆሙልን ምስጋናዬ ወሰን የለውም። ጓድ አስፋው በየማለዳው መጥቶ ቆርቆሮው ላይ ይቀመጣል። ሲያካፋም ሁለቱን አንስቶ ራሱ ላይ ያጋድማል። ባለቤቱ ቢነካው ወንጀል የሚሆነው ንብረት ለጠባቂው ጥላ መሆኑ የትኛው አንቀጽ ላይ እንደተጻፈ ባላውቅም፣ ስምንተኛ ክፍል ላይ ሚኒስትሪ ሁለት ጊዜ የጣለኝ ሰው ስለሆንኩ አለማወቄ አይደንቅም። ወይዘሮ ወለተሰንበት በበኩላቸው ጎረቤታችን ነፊሳ ዘንድ፣ ከአምስት ልጆች ጋር አንድ ክፍል ውስጥ ተጠግተዋል። ዕቃቸው አሁንም ከግድግዳዎቹ መካከል ቆሞ ሰማይ ያያል።

ሦስተኛ፣ እግዱ ይሻሻልልን ብለን ብንመለስ ሁለቱም ወገን ካልቀረቡ አይሆንም አሉን። ነገሪን ብንለምነው ደግሞ፣ እግድ ባለበት ቦታ ምን ሥራ አለኝ ብሎ አልመጣም አለ። እግዱ እንዳይነሳ ነገሪ፣ ነገሪ እንዳይመጣ እግዱ፤ እንዲህ ተደጋግፈው የቆሙ ሁለት ነገሮች በግቢያችን ግንብ ውስጥ እንኳ አላየሁም።

አራተኛው ቅሬታ በእኔ ላይ ነው። ማመልከቻውን የጻፍኩት እኔ ነኝ። የግቢያችን እናቶች የጠየቁኝ ነገሪ ድንጋይ እንዳይጭን ብቻ ነበር። እኔ ግን እንደ ትልቅ ጠበቃ አማረኝና «ከመሠረት ድንጋይ እስከ ጣሪያ ቆርቆሮ፣ ከአሸዋ እስከ ሚስማር፣ በማንም እጅና በማናቸውም ምክንያት እንዳይነካ» ብዬ ጻፍኩ። ለጀለሶቼ ጮክ ብዬ ሳነብላቸው አጨበጨቡልኝ። እርስዎም፣ እድሜ ይስጥዎትና፣ አንዲት ቃል ሳይቀንሱ ማኅተም መቱበት። የመጀመሪያው ከባድ ዝናብ የጣለ ዕለት ወይዘሮ ወለተሰንበት ነፊሳ በር ላይ ቆመው የራሳቸው ፍራሽ ሲርስ ያዩ ነበር። እኔም አጠገባቸው ነበርኩ። ይሰድቡኛል ብዬ ስጠብቅ፣ «ልጄ፣ ጽሕፈትህ ጥሩ ነበር፤ ትንሽ ብታሳጥረው ኖሮ» አሉኝ። ከዚያ ወዲህ ነው እንቅልፍ የጠፋኝ።

ስለዚህ ባለፈው እሑድ ቀበሌው በሙሉ፣ ጓድ አስፋው ጭምር፣ ስብሰባ ላይ ሲያጨበጭብ፣ እኔ ቆርቆሮውን አንድ በአንድ ወደ ጣሪያቸው አውጥቼ በሚስማር መታሁት። ወይዘሮ ወለተሰንበት እግዱ ይከበር ብለው ከልክለውኝ ነበር፤ አልሰማሁም። የረዳኝም የለም። መዶሻ ያበደረኝ ሰው ቢኖርም ስሙ ጠፍቶኛል። ለተጣሰው እግድ የሚጠየቅ ሰው ካስፈለገ ያለሁት እዚያው ግቢ ነው፤ እሳቸው ግን እንዳይጠሩ፣ ቢጠሩም በዝናብ እንዳይቆሙ በትሕትና አመለክታለሁ።

የሸንጎውን ማኅተም እንደ ታቦት የሚፈራ፣ ብዕር እንዳይነካ ራሱን ላልተወሰነ ጊዜ ያገደ፣

ታዛዥዎ
ኃይለሚካኤል ተሰማ

ማስታወሻ፦ ቆርቆሮው ይውረድ የሚል ትእዛዝ ከተሰጠ፣ ያዘዘው ሰው ራሱ ወጥቶ ቢነቅለው ደስ ይለኛል። ወይዘሮ ወለተሰንበት መሰላሉን ይይዙለታል፤ እንዳይወድቅም ከታች ሆነው ይመርቁታል። እኔም ስወጣ፣ እየከለከሉኝ፣ እንደዚያ አድርገውልኛል። ምርቃታቸው ከእስር ይከብዳል።