አራተኛዋ ሻማ

ለምወድሽ እናቴ፣

የዘንድሮ ብርድ እንዴት ይዞሻል? ጉልበትሽስ ተሻለው? እኔ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነኝ። ዋርሶ ደርሶ የመጣ ሰው ከስታለች ቢልሽ አትመኚው፤ ቀሚሱ ሰፍቶኝ ነው።

አባዬ በእኛ በአይሁዶች ቋንቋ በዪዲሽ የሚጫወት ቲያትር ገባች ብሎ ልብሱን ቀዶ፣ ጫማውን አውልቆ፣ እንደ ሞተ ሰው ሐዘን ከተቀመጠልኝ ወዲህ ልጽፍልሽ አልደፈርኩም ነበር። በእሱ አልተቀየምኩም፤ አውቀዋለሁ። የተቀየምኩት ባንቺ ነው። ወንድሜ ሄርሽል ቲያትር ቤት ድረስ መጥቶ፣ አርብ ማታ ሰንበት ሲገባ ለእያንዳንዱ ልጅሽ ከምታበሪያቸው ሻማዎች የእኔዋ ከጠረጴዛው ላይ መነሳቷን ነገረኝ። "አባዬ ነው ያስነሳት፤ እማዬ ምን ታድርግ?" አለኝ። "የልጅ ሻማ አንዴ ከበራች አትቀነስም ስትለን የኖረችው ማናት ታዲያ?" ብዬ አፈጠጥኩበት።

አሁን የምጫወተው ባልቴት እናት ሆኜ ነው። ፊቴን ቀባብተው ሽበት ሲያደርጉልኝ ቁርጥ አንቺን መሰልኩ። ሴትዮዋ ለሰንበት ሁለት፣ ለአንድ ልጇ አንድ፣ ሦስት ሻማ ለኩሳ ዓይኗን በእጆቿ ሸፍና ትጸልያለች። ተመልካቹም የምሩን "አሜን!" ይላል።

ባለፈው ግን እጄ ከዳኝ። ሦስቱን ለኩሼ ከሳጥኑ አራተኛ አውጥቼ ለኮስኩና ዓይኔን ሸፈንኩ። አንዲት አሮጊት ተመልካች ከፎቁ መቀመጫ፣ "አንቺ! ልጅሽ አንድ አይደለም እንዴ? አራተኛዋ የማን ናት?" ብላ ጮኸች። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ቃሌ ጠፋኝ። ቃል የሚያስታውሰን ሰውዬ ከመድረኩ ሥር ደጋግሞ ቢያንሾካሹክልኝም አፌ እንቢ አለ። እጆቼን ከዓይኔ ላይ ማንሳት አቃተኝ። ሳቁ ቀስ በቀስ በረደ። ያችው ሴትዮ ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ "ተዉአት በቃ፤ እሷ ታውቃለች" አለች። ቀጥላም ብቻዋን "አሜን" አለችልኝ።

ሥራ አስኪያጁ ሻማ አባከንሽ ብሎ ጮኸብኝ። በበረዶው ወራት አሞኛል ብዬ ከመድረክ የጠፋሁ ጊዜም እንዲሁ ጮኾብኝ ነበር። ያኔም አሁንም ምክንያቴ አንድ ነበር።

እማዬ፣ ያን ቀን ቅያሜዬ ወጣልኝ። የእኔ እጅ የልጅ ሻማ መተው ካቃተው ያንቺማ እንዴት ይችላል? አርብ አርብ የት ደብቀሽ እንደምታበሪልኝ አልጠይቅሽም፤ ጓዳም ይሁን፣ ከዱቄቱ በርሜል ጀርባም ይሁን።

አባዬን ፈጣሪ ጤና ይስጥልኝ፤ ባይጠይቅሽም ደህና ናት በዪው። አንቺንም ዕድሜ ጨምሮ ያቆይልኝ፤ ሰንበትሽ የብርሃን ይሁን።

አንድ ነገር ብቻ ልለምንሽ። ከእኔዋ ሻማ ጎን አንዲት ትንሽ ጨምሪልኝ። ለምን አትበዪኝ። ስም ካስፈለገሽ፣ እኔም ሳቅፋት እንዳልኳት፣ በእናትሽ ስም ጥሪያት።

ልጅሽ