ቀለም የሚጠጣ ግድግዳ

ውድ የልጆቼ እናት፣

ለሰላምታ ብዙ ወረቀት አላጠፋም። እኔ ደህና ነኝ። ጉልበቴ እንደምታውቂው ነው፤ ምላሴም እንደምታውቂው። አዲሱ የልጅ ልጃችን ሌት ተቀን እንደሚያለቅስ እናቱ፣ ታላቂቱ ልጃችን፣ ነግራኛለች። ያልቅስ፣ ሳንባው ይከፈታል። አንቺ ግን ቀኑን ሙሉ አትዘዪው፤ ወገብሽ ሲያምሽ የምሰማው እኔ ነኝ።

ስልክ እያለ ደብዳቤ መጻፌ ይገርምሽ ይሆናል። በስልክ ገና «ሃሎ» ከማለቴ «ምን ያስጮህሃል!» ትይኛለሽ፤ ከዚያ ወሬው ሁሉ ስለ እኔ ጩኸት ይሆንና ጉዳዩ ይቀራል። ይሄኛው ጉዳይ መቅረት የለበትም። የትንሿ ልጃችን ቤት ነገር ነው፤ ሻጩ እስከ ዓርብ ብቻ ነው የሚጠብቀን፤ እስከዚያ ደግሞ የአንቺ ቃል ያስፈልጋል። ደብዳቤውን የነገው አውቶቡስ ሹፌር ያደርስልሻል።

ወደ ታላቂቱ ስትሄጂ በሩ ላይ ቆመሽ፣ «አንተ ሰውዬ፣ ለቅድመ ክፍያው የጎደላቸውን ከቁጠባችን አውጥተህ ስጣቸው፤ ከዚያ ዝም በል» ብለሽኝ ነበር። ማውጣቱ አላቃተኝም። ያቃተኝ ዝም ማለቱ ነው።

ነገሩ የጀመረው ከራሴ ነው። ትንሿ ስለ ባንኩ ብድር ልታስረዳኝ አፏን ስትከፍት አስቆምኳት። ዕድሜዬን ሙሉ የሰው ቤት ስቀባ «ይህን ያህል ቀለም ይበቃሃል» ያለኝን ባለቤት ሰምቼ አላውቅም። ቁመቱንና ወርዱን ስጡኝ፣ የቀረውን ለእኔ ተዉት ነበር የምለው። ለእሷም ያንኑ አልኳት። «የብድሩን ልክና ወለዱን ንገሪኝ፤ ሌላውን እኔ አሰላዋለሁ።»

«አንድ ሚሊዮን ነው አባዬ። ወለዱ አስራ ሁለት በመቶ፣ በሃያ ዓመት የሚከፈል። ግን እኮ…»

«ግን የለም» አልኳት።

ቁጭ ብዬ እንደ ሙያዬ አሰላሁት። ቀለም ስንገዛ ለብክነት ከመቶው ላይ ትንሽ እንጨምር የለ? አንዴ ይጨመራል፣ በቃ። ወለዱም እንደዚያ መስሎኝ በሚሊዮኑ ላይ መቶ ሃያ ሺህ ደመርኩና በሃያ ዓመት ወራት አካፈልኩት። በወር አምስት ሺህ እንኳ አይሞላም! ባንክ እንዲህ ደግ መሆኑን ሳላውቅ አረጀሁ አልኩ። ያገኘሁትን ሰው ሁሉ እያስቆምኩ ባንክን ሳመሰግን ሰነበትኩ። ጎረቤታችን ልብስ ሰፊው፣ ሰው ስታመሰግን ሰምቼህ አላውቅም፣ ሐኪም ቤት ልውሰድህ ወይ አለኝ።

ማክሰኞ ሦስታችን ባንክ ሄድን፤ እኔ፣ ትንሿና ባሏ፣ ዳቦ ጋጋሪው አማችሽ። አማችሽን ታውቂዋለሽ፤ ቃል በሚዛን የሚሸጥ ይመስለዋል። የብድር ክፍሏ ሠራተኛ የትንሿ እኩያ ናት፤ እስክሪብቶዋን ፀጉሯ ውስጥ ሰክታ ጠረጴዛው ላይ ትፈልገዋለች። ወረቀቱን ሰጠችኝ። መነጽሬን አድርጌ አነበብኩ።

«ልጄ፣ እዚህ ጋ ተሳስተሻል» አልኳት። «ወርሃዊ ክፍያ አስራ አንድ ሺህ ይላል። ከእጥፍ በላይ አድርገሽዋል።»

«አልተሳሳትኩም አባባ።»

«ወለዱ አስራ ሁለት በመቶ አይደለም እንዴ?»

«አዎ፣ በዓመት።»

«በየትኛው ዓመት?»

ትንሿ ከጠረጴዛው ሥር እግሬን ነካ አደረገችኝ። አማችሽ ጣሪያውን ያይ ጀመር።

«በሁሉም ዓመት ነው አባባ» አለች ልጅቷ ቀስ ብላ። «በየዓመቱ፣ ባልተከፈለው ዕዳ ላይ ይታሰባል።»

«ታዲያ ተከፍሎ ሲያልቅ ጠቅላላው ስንት ይሆናል?»

ማሽኗን ነካካችና፣ «ሁለት ሚሊዮን ስድስት መቶ አርባ ሺህ ገደማ» አለች።

በዚህ ጊዜ «ምን?!» ያልኩት እኔ አይደለሁም። ትንሿ ናት። ለካስ እነሱ ወርሃዊውን ብቻ ነበር የሚያዩት! የሁለታቸው ደመወዝ አስራ አንድ ሺህን ይችለዋል፣ እንግዲህ ቤቱንም እንችለዋለን ብለው ነበር። በሃያ ዓመት ያባዛው ሰው የለም። እኔ ጠቅላላውን በስህተት፣ እነሱ ወሩን በትክክል ይዘን፣ ሦስታችንም ዋጋውን ሳናውቅ ልንፈርም መጥተናል። የትንሿ ፊት ተለዋወጠ። «እኔ ይሄን ያህል ዘመን አልፈርምም፤ ይቅርብን» አለች። ዕቃቸውን ማሰር እንደጀመሩ ታውቂያለሽ፤ አከራያቸው ቤቱን ለልጁ ይፈልገዋል።

እኔ ተነስቼ ኮፍያዬን አደረግኩ። «ይሄ የቤት ዋጋ አይደለም፣ የሰፈር ዋጋ ነው!» አልኩ።

«ይቀመጡ አባባ፣ ላስረዳዎት።»

«ወንበሩም ወለድ አለው እንዴ?» አልኳት።

ሳቀች። የሚስቅ ሰው አይዋሽም ብዬ ተቀመጥኩ። እናም ማንም ያልጠየቃትን ጠየቅኳት፤ «ከመጀመሪያው ወር አስራ አንድ ሺህ፣ ዕዳውን የሚቀንሰው ስንቱ ነው?»

«አንድ ሺህ ገደማ።»

«አስሩስ?»

«አስሩ ወለድ ነው። እየቆየ ሲሄድ ግን ወለዱ ያንሳል፣ ዕዳውን የሚቀንሰው ይበዛል።»

አንቺ ብሩሽ ስታጥቢልኝ የኖርሽ ሴት ስለሆንሽ ይገባሻል። አዲስ ግድግዳ አንደኛ እጅ ስትቀቢው ይጠጣዋል። ባልዲው ያልቃል፣ ክንድሽ ይዝላል፣ ግድግዳው ግን እንዳልተቀባ ሆኖ ያይሻል። ባለቤቱ ይመጣና «ቀለሜን የት ወሰድከው?» ይላል። የት ልወስደው፣ ግድግዳው ጠጥቶት! ሲጠግብ ነው ሥራሽ መታየት የሚጀምረው።

«ገባኝ!» ብዬ ጮህኩ። «ግድግዳው እየጠጣው ነው!»

ተራ ይጠብቅ የነበረው ሰው ሁሉ ዞረ። ጥበቃው ጠጋ አለ። ትንሿ ፊቷን በመዳፏ ሸፈነች፤ ትከሻዋ ግን በሳቅ ሲንቀጠቀጥ አየሁት።

«ቶሎ ብናጠግበውስ?» አልኳት ልጅቷን።

«ይቻላል» አለች። «ከወርሃዊው በላይ የምትከፍሉት ዋናው ዕዳ ላይ እንዲውል ካዘዛችሁ፣ ዕዳው ባነሰ ቁጥር ወለዱም ያንሳል።»

«እና ትርፉን ከየት እናምጣው?» አለች ትንሿ።

ይኼኔ ነው ዳቦ ጋጋሪው ከጣሪያው የወረደው። «አባባ፣ የእርስዎ ቤት ኪራይ በወር ስንት ነው?» አለኝ።

«አራት ሺህ። ምነው?»

ወደ ልጅቷ ዞሮ፣ «በወሩ ላይ አራት ሺህ ጨምረው ይሞክሩልን» አላት።

ሞከረችው። ሃያው ዓመት ወደ ዘጠኝ ዓመት ከጥቂት ወር ወረደ። ጠቅላላው አንድ ሚሊዮን ስድስት መቶ ስልሳ ሺህ እንኳ አልሞላም። አንድ ሚሊዮን ሊሆን ጥቂት የቀረው ገንዘብ በአንዲት ጥያቄ ተነነ። አማችሽ ከዚያ ወደ እኔ ሳያይ፣ «የቤቱ ሦስተኛ ክፍል ባዶ ናት» አለና እንደገና ጣሪያው ላይ ወጣ።

አሁን ነገሩ ገብቶሻል። እኔም ገብቶኝ ደሜ ፈላ። ከልጄ ጣሪያ ሥር አልገባም ያልኩትን ሰፈር ሁሉ ያውቀዋል። «ይሄ የማን ምክር ነው? እናትሽ ናት?» አልኳት ትንሿን።

«እማዬ የለችበትም። ሐሳቡ አሁን እዚሁ ነው የተወለደው» አለችኝ። «ግን አባዬ፣ የባንኩ ወለድ እንዲህ ካስደነገጠህ የአንተ ኪራይስ? ከተጋባችሁ ጀምሮ ስትከፍል ከዚያ ሁሉ ቤት የአንተ የሆነ ምን አለ? አንዲት ምስማር አለች?»

«ምስማሮቹማ የራሴ ናቸው። ስንለቅ ነቅዬ ነው የምሄደው» አልኳት።

ጥበቃው ሳይቀር ሳቀ። እኔ ግን መልሴ መልስ እንዳልሆነ አውቄዋለሁ። ባንክ የሁለት ቤት ተኩል ገንዘብ ወስዶ አንድ ቤት ይሰጣል። አከራይ የስንቱን ቤት ወስዶ ምንም አይሰጥም። ይሄን ሳላሰላው የኖርኩት ስሌት ስለማልችል አይደለም። መልሱን ስላልወደድኩት ነው።

«ቤቱን ሳላይ አልናገርም» አልኩና ወጣን።

ቤቱ ሦስተኛ ፎቅ ነው። ደረጃው ሰፊ ነው፤ ጉልበቴ አላማረረም፣ የአንቺንም የሚችል ይመስለኛል። ግድግዳውን በጣቴ እያንኳኳሁ፣ ማዕዘኑን እያሸተትኩ ዞርኩ። እርጥበት የለውም። ቀለሙን የቀባው ሰው ግን መታሰር አለበት! ማብሪያ ማጥፊያው ላይ ሳይቀር አንጠባጥቦበታል፤ የመስኮቱን ጠርዝ በቀጭን ብሩሽ መቀባት ሲገባው በሚንከባለለው ሩሎ ነው ያለፈው። እየተናደድኩ ሦስተኛዋ ክፍል ደረስኩ። ጠባብ ናት። መስኮቷ በፀሐይ መውጫ በኩል ነው፤ ከታች የትምህርት ቤት ሜዳ አለ፤ ልጆች ኳስ ላይ ይጣላሉ።

«ለዚች ክፍል ነጭ አይሆናትም» አልኩ። «ጠዋት ብርሃኑ ዓይን ይወጋል። የስንዴ ቀለም ነው የሚያስፈልጋት፤ ጣሪያው ደግሞ ትንሽ ፈካ ብሎ።»

«ለማን ነው የስንዴ ቀለም?» አለች ትንሿ ከኋላዬ።

አልመለስኩላትም። ያን ጊዜ ብቻ ዝም ማለት ቻልኩ።

ፊት ለፊት የማልነግርሽ አንድ ነገር አለ፤ በወረቀት ይቀለኛል። የሰው ቤት ስቀባ፣ በእያንዳንዱ ቤት ውስጥ አንዲት ክፍል መርጬ «ይቺ ለእሷ ትሆን ነበር» እላለሁ። ትልልቅ ሳሎን አይደለም፤ አንቺ ትልቅ ክፍል እንደማትወጂ አውቃለሁ። ወንበርሽን መስኮቱ ጋ አስጠግተሽ እግርሽን የምትዘረጊበት ቦታ ነው የምፈልገው። ያቺን ክፍል ከሌሎቹ አስበልጬ እቀባታለሁ፤ ባለቤቶቹ ምክንያቱን አያውቁም። ማክሰኞ ዕለት ያገኘኋት ክፍል ከእነዚያ አንዷ ናት። ልዩነቱ ይቺኛዋ በሯ ላይ የሚያግደን ሰው የላትም።

ተሳስቼ ነበር አልልም። ከልጄ ጣሪያ ሥር አልገባም ያልኩት በነጻ ነው። ኪራይ እየከፈልኩ አልገባም ብዬ አላውቅም። ስለዚህ ለልጆቹ ቁርጡን ነገርኳቸው። አራት ሺሁን በየወሩ ባንክ ድረስ ይዤ የምሄደው እኔ ነኝ። የባንኳ ልጅ «ለዋናው ዕዳ ይሁን» ብላችሁ ሳታዝዙ ትርፍ ብትከፍሉ የሚቀጥለው ወር ክፍያ ተደርጎ ሊያዝ ይችላል፣ ዕዳውን አይቀንስም ብላኛለች፤ እስኪሰለቻት ደግማ እንድታስረዳኝ አድርጌያታለሁ። ታመን ወይም ጎድሎን ባንከፍል ማንም ማንንም አይወቅስም፤ እነሱ በአስራ አንድ ሺሁ ይቀጥላሉ። ሌላም አለ። መድን በየዓመቱ ይከፈላል፣ የስም ማዛወሪያ አለ፣ ለሕንጻው ውሃ መሳቢያና ለጽዳት መዋጮ አለ፤ የቤት ዋጋ በሩ ላይ የተጻፈው ብቻ እንዳልሆነ ዘንድሮ ገብቶናል። ቀለሙን ግን ማንም አይነካብኝም። ዳቦ ጋጋሪው ላግዝዎት አለኝ፤ የግድግዳ ቀዳዳ የሚደፈንበትን ስቱኮ ማቡካት ሊጥ ከማቡካት አይለይም፣ ይሞክር።

ስለ ዕድሜያችንም አስቤበታለሁ። ዕዳው እስኪያልቅ ዘጠኝ ዓመት ከጥቂት ወር መኖር ግዴታችን ነው። እኔ ወስኛለሁ፤ አንቺም ወስኚ። ጅምር ሥራ ትቶ የሚሄድ ሰው አልወድም።

ልጆቹ ያለ እኛ እንደማይፈርሙ ነግረውኛል። ትንሿ ሐሙስ እንፈርም ብላ ለመነችኝ፤ እኔ እናትሽ ሳትጠየቅ እግሬን አላነሳም አልኳት። አፏን ከፍታ አየችኝ። «አንተ? ልትጠይቅ?» አለች።

አዎ፣ እኔ። ስንጋባ የጠየቁሽ አባትሽ ናቸው፤ እኔ ውጭ ቆሜ አዲስ ጫማዬን አሥር ጊዜ እወለውል ነበር። እሺ ማለትሽን የሰማሁት ከአክስትሽ ነው። ከአንቺ አፍ ሰምቼው አላውቅም፤ ይህን ሁሉ ዓመት ይቆጨኛል። ስለዚህ ዛሬ ማንንም ሳልልክ በራሴ እጅ ጽፌ እጠይቅሻለሁ። ከእኔ ጋር ቤት ትገቢያለሽ?

ዓርብ ጠዋት ደውዪና ቃሉን ራስሽ በይው። ስልኩን ለታላቂቱ አትስጪያት፣ ለአማቾችሽም አትንገሪ። ከአንቺ አፍ እፈልገዋለሁ።

እሺ ብትይም እምቢ ብትይም፣
ባልሽ