«በክብር ተሰናብቷል»፤ ከሟቹ ለጤና ሽፋን ኃላፊው

ይድረስ ለተከበሩ የጡረተኛ ወታደሮችና ቤተሰቦቻቸው የጤና ሽፋን ጽሕፈት ቤት ዋና ኃላፊ፤

ክቡር ሆይ፣ ከሁሉ አስቀድሜ የእርስዎ ጤና እንደምን ነው? የቤተሰብዎስ፣ የጸሐፊዎስ፣ በርዎ ገርበብ ሲል ከወንበርዎ ጀርባ የምትታየው የዚያች ለምለም አበባስ ጤና እንደምን ሰነበተ? እኔ በመሥሪያ ቤትዎ ኮምፒውተር እንደተረጋገጠው ካለፈው ክረምት ጀምሮ ሞቻለሁ፤ ከዚህ በቀር ደህና ነኝ።

የምጽፍልዎት ዕድሜዬን በወታደር ወጥ ቤት የጨረስኩ ጡረተኛ ሃምሳ አለቃ ነኝ። ባልደረቦቼ «ጭልፋው» ይሉኛል። ተኩስ ባለበትም በሌለበትም አንድ ሻለቃ ጦር ሳበላ ኖሬ፣ ወገቤ እምቢ ሲለኝ «በክብር ተሰናብቷል» የሚል ወረቀት ተቀብዬ ወጣሁ። ከወረቀቱ ጋር ለእኔና ለባለቤቴ ዕድሜ ልካችንን የሚያገለግል የሕክምና ሽፋን ተሰጠን፤ ለዓመታትም ታከምንበት። አሁን ባለቤቴ ጡቷ ውስጥ እብጠት ተገኝቶ፣ ሐሙስ ጠዋት ቀዶ ሕክምና እንዲደረግላት ተቀጥራለች። ሆስፒታሉ ከእናንተ ማረጋገጫ ካልደረሰው ግን አልጋውን ለሌላ ሰው ይሰጣል። ቀጣዩ ተራ መቼ እንደሚደርስ የሚያውቅ የለም፤ ሐኪሟ እብጠቱ ተራ እንደማይጠብቅ ነግራናለች። ስለዚህ ውድ ጊዜዎን እንዳላባክን እየተሳቀቅሁ ቅሬታዎቼን በቁጥር አቀርባለሁ።

አንደኛ፤ ስለ አሟሟቴ። ከሞቱ አሟሟቱ ይባላልና፣ በምን እንደሞትኩ ለማወቅ ብዙ ደጅ ጠንቻለሁ። በኋላ እንደተረዳሁት፣ ፋይሎቻችን ከወረቀት ወደ ኮምፒውተር ሲገለበጡ፣ ሥራው የተሰጣቸው መዝጋቢ «በክብር ተሰናብቷል» የሚለውን አንብበው፣ ከሠራዊቱ ሳይሆን ከዚህ ዓለም የተሰናበትኩ መስሏቸው ኖሯል። ጨዋ አሳዳጊ ያሳደጋቸው ሰው ስለሆኑም «ማስታወሻ» በሚለው ሣጥን ውስጥ «ነፍሱን ይማር» ብለው ጨምረዋል። ስለ ጸሎታቸው አመሰግናለሁ። የሻለቃችንን ዘይት ሸጦ የተያዘው የመጋዘን ሠራተኛ ግን መዝገቡ «ተባሯል» ስለሚል፣ በእናንተ ዘንድ እስከ ዛሬ በሕይወት አለ። በክብር የተሰናበትነው አልቀን በውርደት የተባረሩት ብቻ የተረፉበት ጦርነት ይህ የመጀመሪያው ሳይሆን አይቀርም። የድሮ ጓደኛዬ «ቀጭኑ» ለጎረቤቱ ጉዳይ ቢሯችሁ ሄዶ መሞቴን ሰምቶ፣ እያለቀሰ ቤቴ ድረስ መጣ። በሩን ራሴ ስከፍትለት ደንግጦ ግድግዳ ተደገፈና፣ «አንተ ሰውዬ፣ ድሮም እራት ታዘገይ ነበር፤ ሞትንም ታዘገያለህ?» ብሎ ሰደበኝ። እርሱም በክብር የተሰናበተ ስለሆነ የራሱን ሞት እስካሁን አልነገርኩትም፤ ልቡ ደካማ ነው።

ሁለተኛ፤ ስለ ጡረተኞች መስኮት። እዚያ የተቀመጡት ወይዘሮ ክፉ ሰው አይደሉም። መታወቂያዬን አዩ፣ ፊቴን አዩ፣ ስክሪኑን አዩ፣ እንደገና ፊቴን አዩና በመጨረሻ ስክሪኑን አመኑ። «አባባ፣ እኔማ እያየሁዎት ነው፤ ሲስተሙ ነው የማያይዎት» አሉኝ። ስህተቱ እንዲታረም ባለመብቱ ራሱ ቀርቦ ማመልከት አለበት ተባልኩ፤ ባለመብቱ እኔ ነኝ ስላቸው ደግሞ ሲስተሙ ለሟች ቅጽ እንደማያወጣ በሐዘኔታ አስረዱኝ። ከኋላዬ የተሰለፈ አንድ ጎልማሳ «ኧረ ጋሼ፣ ሞተውም ተራ ይይዛሉ እንዴ? በቁም ላለነው ይልቀቁልን እንጂ!» ብሎ ሰልፉን በሙሉ አሳቀው። እኔም አብሬ ሳቅኩ። አጠገቤ የቆመችው ባለቤቴ አልሳቀችም።

ሦስተኛ፤ ስለ ሟች ቤተሰቦች መስኮት። ከጡረተኞቹ መስኮት የሚለየው በአንድ ዓምድ ብቻ ስለሆነ ለመድረስ አልተቸገርንም። ደንባችሁ ባሏ የሞተባት ሴት ሽፋኗ አይቋረጥም ስለሚል፣ እሰየው፣ ሞቴም ለቁም ነገር ዋለ ብዬ ነበር። ለካ የሞት የምስክር ወረቀት ያስፈልጋል። በመስኮቱ ያሉት ሰው «እማማ፣ ባለቤትዎ መሞታቸውን እኛ እናውቃለን፤ ማስረጃውን ግን እርስዎ ነዎት የሚያመጡት» አሏት። ክንዷን ደግፎ የቆመው ሽማግሌ ማን እንደሆነ አልጠየቁም። እንግዲህ በሽፋኑ እንዳልጠቀም ሞቻለሁ፣ ሚስቴ በሞቴ እንዳትጠቀም ደግሞ በሚገባ አልሞትኩም። ላም አለኝ በሰማይ ወተቷንም አላይ የሚባለው ለካ ለእኛ ኖሯል።

አራተኛ፤ ስለ ሕይወቴ ማስረጃ። ከነዋሪዎች ምዝገባ ቢሮ፣ ፎቶግራፌ ተለጥፎበት ማኅተም ያረፈበት፣ በሕይወት መኖሬን የሚገልጽ ደብዳቤ አጽፌ አመጣሁ። ባለሙያዎችዎ ደብዳቤውን በጥንቃቄ መርምረው የተጻፈው ከሞትኩ በኋላ መሆኑን ደረሱበት። በሟች ስም ማስረጃ ይዞ የሚመጣ ሰው አጭበርባሪ ሊሆን ስለሚችልም ጉዳዬን ወደ ሕግ ክፍል መሩት። የሕግ ክፍሉ ኃላፊ ሥልጠና ላይ ናቸው፤ ሲመለሱ ኮሚቴ ይሰበስባሉ ተብሏል። በዚህ አካሄድ ራሴን መስዬ በመቅረቤ መከሰሴ አይቀርም። ክሱን በደስታ እጠብቃለሁ፤ ሟች አይከሰስምና ቢያንስ ዐቃቤ ሕግ መኖሬን ያምናል።

አምስተኛ፤ ስለ አንዲት ቃል። በደንባችሁ ባለቤቴ «ጥገኛ» ተብላለች። ሐኪሞች ይህን ቃል ሲጠቀሙበት የሰማሁት ስለ ሆድ ትል ነው። ይህች ጥገኛ ጦሩ በተዛወረ ቁጥር ቤቷን በሁለት ከረጢት ጠቅልላ የተከተለችኝ፣ እኔ ሌላ ግንባር ድስት ሳማስል ዝናብ በሚያፈስ ድንኳን ውስጥ የበኩር ልጃችንን የወለደች ሴት ናት። ስመለስ «ደህና ገባህ?» አለችኝ እንጂ የት ነበርክ አላለችኝም። በዚያ ቤት ማን ማንን ተጠግቶ እንደኖረ እኔ አውቃለሁ። ሰሞኑን ሳይታወቃት እጇ ወደ ደረቷ ይሄዳል፤ እንዳየኋት ስታውቅ ቶሎ ታወርደዋለች። ክቡር ሆይ፣ በተኩስ መካከል ምግብ ሳመላልስ እንዲህ አልፈራሁም። አሁን ፈርቻለሁ።

ወቀሳ ብቻ እንዳይሆንብኝ ምስጋናዬንም ላቅርብ። በኮሪደራችሁ ግድግዳ ላይ በትልቁ ስለተጻፈው «ባለውለታዎቻችንን ሁሌም እናከብራለን» ስለሚለው ቃል አመሰግናለሁ፤ ከሥሩ ያለው አግዳሚ ወንበር አንድ እግሩ የተሰበረ ስለሆነ ቆመን አንብበነዋል። ሁልጊዜ «ነገ ይምጡ» ስለምትሉኝም አመሰግናለሁ፤ ለሞተ ሰው ነገን ተስፋ ማድረግ ትልቅ ነገር ነው።

ችግሩን ብቻ ይዞ የሚመጣ ባለጉዳይ አሰልቺ ነውና ሁለት መፍትሔ ይዤ መጥቻለሁ። የመጀመሪያው በአንድ ጣት የሚያልቅ ነው፤ ከሐሙስ በፊት አንድ ሰው ስሜ ያለበትን ገጽ ከፍቶ «ሟች» የሚለውን ያጥፋልኝ። ይህ ከመሥሪያ ቤትዎ አቅም በላይ ከሆነ ግን ሞቴን ጨርሱልኝ። የሞት ወረቀቱን አዘጋጁ፤ ባለቤቴ ከፈረመች እኔም በምስክርነት እፈርማለሁ። ለራሴ ሕክምና አልጠይቅም፣ ወገቤን በሙቅ ውኃ እይዘዋለሁ፤ እርሷ ብቻ ባሏ እንደሞተባት ሴት ተቆጥራ ሐሙስ አልጋዋ ላይ ትተኛልኝ። ይህን የምለው ለቀልድ አይደለም። ከቀረችኝ ዕድሜ እርሷ የምትድንበትን ያህል ቆርሳችሁ ብትወስዱ ቅር አይለኝም።

ፈጣሪ ለእርስዎ ረጅም ዕድሜ፣ ለዕድሜዎም ኮምፒውተር የማይክደው ማስረጃ እንዲሰጥዎ እየተመኘሁ፣ ከሁለቱም መስኮቶች ዝቅ ብዬ እጅ እነሣለሁ።

አልሞት ባይ አመልካችዎ፣
በክብር የተሰናበተው ሃምሳ አለቃ ጭልፋው

ድኅረ ጽሑፍ፤ ይህን ደብዳቤ ባለቤቴ አንብባ ሁለተኛውን መፍትሔ በእስክሪብቶ ሰርዛዋለች፤ እንደገና ለመገልበጥ ጊዜ ስለሌለኝ ከነስርዙ ልኬዋለሁ። «ቆሞ የሚሄድ ባሌን ቀብሬ የምድን ሴት አይደለሁም፤ አልፈርምም» ብላለች፣ እርሷ አንዴ እምቢ ካለች ደግሞ ጄኔራልም አያስፈርማትም። ስለዚህ የቀረን የመጀመሪያው ብቻ ነው። ሐሙስ ጠዋት ሆስፒታሉ በር ላይ ቆመን እንጠብቃችኋለን። ማረጋገጫው ካልመጣ፣ ውሎ አድሮ ወደ መስኮታችሁ የሚመጣው ሚስቱ የሞተችበት ሰው ይሆናል፤ ያን ቀን የሞት የምስክር ወረቀት ይዤ ስለምመጣ ማስረጃ ጎደለ አትሉኝም።