የታሸገው የቁሐር ዘር

ሰኞ፣ መስከረም 19 ቀን 1956 ዓ.ም.

ዛሬም አልለቀቁም! ያ ሁሉ ሽምብራ ወረታ ግምጃ ቤት ታሽጎ ተቀምጧል፤ የፎገራ ውኃ ደግሞ እየሸሸ ነው። ጭቃው ሳይደርቅ ካልተዘራ የዘንድሮ ሽምብራ የለም። ይህን የማያውቅ ሰው የግብር ሹም አድርገው ይልኩብናል።

የቁሐር ሚካኤል ሰዎች ክረምት ውኃ ቤታቸው ሲገባ ዘራቸውን ደረቅ ቦታ ካለ ዘመድ ያኖራሉ። አባቶቻቸውም እንዲሁ ያደርጉ ነበር። የእህቴ ልጅ የሺ ቤቷ ጉብታ ላይ ነውና ከራሷ ዘር ጋር የሁሉንም አስቀመጠች። ሹሙ ገብቶ ስልቻውን ሁሉ አየና «ነጋዴ ነሽ፤ የንግድ ግብር ክፈይ» አላት። «የአደራ ዘር ነው፣ አልከፍልም» አለች። አስጭኖ ወሰደው። ሙጫ ብዬዋለሁ፤ የነካውን አይለቅማ።

የወረዳው ዳኛ ዛሬ ምን ቢሉ ጥሩ ነው? «መጀመሪያ ክፈሉ፣ ኋላ ተከራከሩ።» መጀመሪያ ስቀሉኝ፣ ኋላ ጠይቁኝ! ይግባኝ አልሁ።

ማክሰኞ 20

ማመልከቻውን ራሴ ጻፍሁ። ማንም ባያስተምረኝም ብዕሬ አያንስም። ስድብ እየገባበት ግን ደጋግሜ ቀደድሁት። ለየሺ ሳነብላት «አጎቴ፣ ‹ሙጫ› የሚለውን ያውጡልኝ» አለች። አወጣሁ። ቆጨኝ።

ከሰዓት በግምጃ ቤቱ መስኮት አጮልቄ አየሁ። ስልቻዎቹን በባዶ ወለል ላይ ጥለዋቸዋል! በዚህ በጥቁር አፈር ላይ፣ ከሥር እርጥበት በሚመጣበት አገር፣ ቆጥ የለ፣ ድንጋይ የለ። ጮህሁ። ሙጫ ወጥቶ «እህል ነው እንጂ ሕፃን አይደለም፤ ብርድ አይመታውም» አለኝ።

«እህል ቢሆንማ በልቼው እገላገል ነበር። ዘር ነው ጌታው፣ ዘር!»

ረቡዕ 21

ደብረ ታቦር፣ ለይግባኙ። ከየሺ ጋር ቆዳ በጫነ መኪና ወጣን፤ ገና ሳንናገር ሽታችን ደረሰ። የፍርድ ቤቱ ጸሐፊ «ለኅዳር ተቀጥራችኋል» አለ። በኅዳር ምን ልንዘራ ነው፣ ጢሙን? ችሎቱ በር ላይ ቆሜ ዳኛው ባለፉ ቁጥር «አቤት! በሕግ አምላክ!» አልሁ። ድምፄ ዘጋ። ማምሻውን «ይኼ ሰውዬ ነገ ይቅረብ» አሉ።

ሐሙስ 22

ዳኛው ሽበታም ናቸው፤ ያዳምጣሉ። ሙጫም ተጠርቶ መጥቷል። «ይህን ያህል እህል በአንድ ቤት ተገኝቶ እንዴት ነጋዴ አይደለችም?» አሉኝ።

«ጌታዬ፣ ነጋዴ ያቀላቅላል። ይህ ግን ስልቻው ሁሉ አፉ በየባለቤቱ እጅ የታሰረ ነው። ባለቤቶቹ ምልክታቸውን ሳያዩት እንዲናገሩ ያድርጓቸው።»

ሙጫ «ተማክረው ይመጣሉ» ሲል ዳኛው «አንተስ ማሠሪያውን አይተኸዋል?» አሉት። አላየውም ነበር። ደስ አለኝ፣ በልቤ ጨፈርሁ። ፍርዱ ይህ ነው፦ በሹሙ ፊት ባለቤቶቹ ምልክታቸውን ይናገሩ፤ ከተገኘ ዕቃው በእኔ ዋስትና ይለቀቅ፤ የግብሩ ክርክር በቀጠሮው ይቀጥል።

ዓርብ 23

የቁሐር ሰዎች እስከ ጉልበታቸው ጭቃ ለብሰው ወረታ ግምጃ ቤት መጡ። በሩ ሳይከፈት አንድ በአንድ ተናገሩ። አያ ሞላ «የእኔ በፈረስ ጭራ ተገምዶ ሁለት ጊዜ የተቋጠረ ነው» አሉ። እማሆይ ወለተ ሥላሴ «የእኔ አቁማዳ ጎኑ በነጠላ ጥለት ተጥፏል፤ አይጥ በልቶት» አሉ። ተከፈተ። ሁሉም እንዳሉት ሆነ። ሙጫ ማኅተሙን በኪሱ ከተተ።

ከሥር የነበረው የየሺ ስልቻ ግን ርሶ በቅሏል። ነጭ ቡቃያ ከስፌቱ ወጥቷል። «መንግሥት ግምጃ ቤት ውስጥ አርሷል፤ እሱም ግብር ይክፈል!» አልሁ። ዘበኛው ሳቀ። የሺ አልሳቀችም።

እማሆይ አቁማዳቸውን ፈቱ። አንድ እፍኝ፣ ሌላ እፍኝ በየሺ ነጠላ ላይ አፈሰሱ። «አደራ የጠበቀች እጅ ባዶ አትገባም» አሉ። ሌሎቹም እየተነሡ አፈሰሱላት።

ዘሩ ቤት ገባ። ነገ ቅዳሜ፣ ከነገ ወዲያ እሑድ፤ ሞፈር አይነካም። ፀሐይዋ ዛሬ እንደ ሙጫ ጠንክራብናለች። ጭቃው እስከ ሰኞ ይቆየን ይሆን? በፀሐይ ላይ ይግባኝ የሚሰማ ዳኛ እንደሆነ ደብረ ታቦርም የለ።