ሶም የሚባለው ነገር

ማርች 4፣ ማክሰኞ

ጠዋት ነፋስ። የመጀመሪያው መርከብ ዘግይቶ ወጣ። ነፋሱን እኔ የለቀቅኩት ይመስል ሰዉ ሁሉ ቲኬት መሸጫው መስኮት ላይ ተቆጣኝ።

መምህር ፒዮ እንደ ልማዳቸው እየሳሉ መጡ። ጡረታ ከወጡ ወዲህ ማክሰኞ ማክሰኞ ወደ ደሴቱ ይሻገራሉ፤ እናታቸውን ሊጠይቁ። ቲኬት ከመግዛታቸው በፊት ግድግዳው ላይ ያለውን ማስታወቂያ አነበቡ፣ የፊደል ስህተት አገኙ፣ ነገሩኝ። ዕድሜ ልኩን ቋንቋ ያስተማረ ሰው... ምን ይደረግ።

ከዚያ በወረቀት የተጠቀለለ የማር ዳቦ በመስኮቱ አሳለፉልኝ። «ትኩስ ነው፤ ሳይቀዘቅዝ ይብሉ።» ሰልፈኛው እያየ! ፊቴ ጋለ። ከዳቦው ነው?

ማርች 9

ቦራም ከቡሳን መጣች። ይቺ ልጄ ስልኬን ሳታስፈቅድ ማየት ልማዷ ነው። የመጣልኝን መልእክት ጮክ ብላ አነበበችው። «ከሰዓት ዝናብ አለ ይላሉ። ጃንጥላ ይያዙ። ፒዮ።»

«እማ! ሶም ውስጥ ነሽ!»

«ምን ውስጥ?»

በሳቅ ሞተች። ቃሉ የእንግሊዝኛ ነው አለችኝ። «ሳምቲንግ»፣ አንድ ነገር ማለት። ልጆቹ ግማሹን ቆርጠው ጣሉና በኛ በኮሪያውያን አፍ «ሶም» አሉት። በሁለት ሰዎች መሀል የሆነ ነገር ካለ፣ ግን ገና ስም ካልወጣለት፣ ሶም ነው። ወንዱ ሶምናም፣ ሴቷ ሶምንዮ። ደግሞ ሶም ይሳፈሩታል አሉ።

«እንደ አውቶቡስ?»

«እንደ አውቶቡስ። የት እንደሚያወርድሽ ግን አታውቂም።»

«ሂጂ፣ እኔ አሮጊት ነኝ» አልኳት። አባቷ ከሞተ ወዲህ በዚህ ቤት እንዲህ ተስቆ አያውቅም።

ማርች 18፣ ማክሰኞ

ምን ነካኝ? ጠየቅኳቸው። «መምህር፣ ሶም የሚሉትን ቃል ያውቁታል?»

ፊታቸውን አኮማተሩ። «ግማሽ ቃል! የሰው ቋንቋ ቆርጠው ከኛ ግስ ጋር ይሰፉታል። ክፍል ውስጥ ብሰማ ኖሮ...» ከዚያ ዝቅ ባለ ድምፅ፣ «ግን እኛስ ለዚያ ነገር ቃል አለን? የለንም መሰለኝ» አሉ።

ለዚያ ነገር። ለየትኛው ነገር? አፌን ልከፍት ስል ከኋላ አንዲት ሴትዮ፣ «እናንተ ሰዎች፣ መርከቡ ሊሄድ ነው!» ቲኬታቸውን ይዘው ሮጡ። መልሳቸውን ሳይወስዱ።

ኤፕሪል 1፣ ማክሰኞ

አልመጡም።

ኤፕሪል 2

ታመው ይሆን? ስልኩን አነሳሁ፣ አስቀመጥኩ። ምን ብዬ?

ኤፕሪል 4

ከመርከበኞቹ አንዱ ሻይ ሊጠጣ መጥቶ በወሬ መሀል ጣል አደረገው። የመምህሩ እናት ሞተዋል። ለቅሶውም ቀብሩም አልቋል። የመርከቡ ሰዎች ሄደዋል፣ ዓሣ ሻጮቹ ሄደዋል...

እኔ አልተነገረኝም።

ለምንስ ይነግሩኛል? ምናቸው ነኝ? ለቦራም ደወልኩላት። «እማዬ፣ ሶም እኮ ለቅሶ አይጠራም» አለችኝ። ዛሬ አልሳቀችም።

ኤፕሪል 15፣ ማክሰኞ

ከእንግዲህ በምን ምክንያት ይሻገራሉ? እናት የለችም። ይህን እያወቅኩ ዛሬም ሰማያዊውን ሹራብ ለበስኩ። በሩ በተከፈተ ቁጥር ቀና... ሌላ ሰው። ቀና... ሌላ ሰው።

ኤፕሪል 22

«ሐዘንዎን ሰማሁ» ብዬ ጻፍኩ። አጠፋሁት። እንደገና ጻፍኩ። አጠፋሁት። ሰው የማያውቀውን ሰው ይህን ያህል ይናፍቃል? ሳላቸው እንኳን ናፈቀኝ። የፊደል ስህተት ፍለጋቸውም።

ሜይ 7

የዕረፍት ቀኔ። ሄድኩ።

ስንት ሰው አሻግሬ እኔ ወደዚያ ደሴት ተሻግሬ አላውቅም፤ ባሕር ያዞረኛል። አዞረኝም። ከወደቡ ላይ አንዲት ሴት የእናታቸውን ቤት በአገጯ አሳየችኝ።

ጓሮ ውስጥ የስኳር ድንች መደብ እየቆፈሩ አገኘኋቸው። ከስተዋል። መኮትኮቻውን ይዘው ቆመው ቀሩ።

«ለምን አልነገሩኝም?» አልኩ። ሰላም እንኳ ሳልል።

«ጽፌ ነበር። "እናቴ ሞተች" ብዬ። ልልክ ስል...» አፍረው አቀረቀሩ። «ስልኬ ላይ የመዘገብኩዎት "ቲኬት መሸጫ" ብዬ ነው። ለቲኬት መሸጫ እንዲህ ይጻፋል? ምኔ ብዬ ልጻፍዎት? ቃል ፈለግኩ። አጣሁ።»

ሳቅኩ። ከዚያ ሳቁ ወደ ለቅሶ ዞረ፤ የእኔም የእሳቸውም። ለእናታቸው ፎቶ ሰገድኩ። ቀጭን ፊት፣ ኩሩ ዓይን። ልጃቸውን ይመስላሉ።

ቤቱን እንደማይሸጡት ነገሩኝ። እዚሁ ሊኖሩ ነው። ታዲያ ማክሰኞስ? አልጠየቅኩም። መርከቡ ላይ ስወጣ፣ «የእናቴ የአርባ ዘጠነኛው ቀን ጸሎት በሚቀጥለው ሳምንት እሑድ ቤተ መቅደስ ነው፤ ዘመድ ሁሉ አለ» አሉ። ይምጡ አላሉም። አይምጡም አላሉም።

ሜይ 17

ልሂድ? ማን ተብዬ? ለቅዳሜና እሑድ የመጣችው ቦራም፣ «ጥቁሩን ቀሚስ ተኩሼልሻለሁ» ብቻ አለችኝ።

ሜይ 18፣ እሑድ

ቤተ መቅደሱ በር ላይ ቆምኩ። የሚያውቀኝ የለም። የፒዮ ታላቅ እህት፣ ወፍራም፣ ድምፀ ጎርናና ሴት፣ ከላይ እስከ ታች አየችኝ። «እኚህ ደግሞ ማን ናቸው?»

ሁሉም ዞረ። ፒዮ አፉን ከፈተ፣ ዘጋ። ያ ሁሉ መዝገበ ቃላት በሆዱ ያለ ሰው! ጆሮው ቀላ። እግሬ ሊመለስ ዳዳው።

«ኢንሱክ ናት» አለ።

ናት። ናቸው አይደለም። ጓደኛዬም፣ የማውቃትም፣ የወደብ ሠራተኛም አላለም። ስሜን ብቻ ጠርቶ አጠገቤ መጥቶ ቆመ።

እህቱ አየችው። አየችኝ። «እንግዲያው ኢንሱክ፣ ምን ይገትርሻል?» አለች። «ሰው ተርቧል። እጅሽን ታጠቢና ነይ፣ ጎመኑን በሰሊጥ ዘይት ለውሺልኝ።»

ከሴቶቹ ጋር ወለሉ ላይ ተቀመጥኩ። ጨው አብዝተሻል ብላ ተቆጣችኝ። ይኸው እስካሁን እጄ ሰሊጥ ሰሊጥ ይሸታል... መታጠብ አልፈለግኩም።