ሮዴልን ከባሕር ያወጣሁበት ሰሞን

ቅዳሜ፣ ኤፕሪል 24

እንደ ሁልጊዜው ቅዳሜ። የአሊንግ ቾሌንግ ሱቅ ደጃፍ፣ አግዳሚው ላይ መሃል እኔ፣ ግራና ቀኝ ሁለቱ አዛውንቶቼ። አዲሱ የሥዕል መጽሔት በጠዋቱ አውቶቡስ መጣ። ቾሌንግ እንደ ታጠበ ካልሲ ገመድ ላይ በመቆንጠጫ ሰቀለችው። ተከራይቶ እዚያው አንብቦ መመለስ ነው። ዘይት የነካው እጅ ካረፈበት ሳምንቱን ሙሉ ታኮርፋለች።

አያቴን ሎላ ፓስያንግን የዓይን ሞራ ጋርዷታል። መነጽር አድርጊ ስትባል «መነጽር ለአሮጊት ነው» ትላለች። ሰባ አራት ዓመቷ ነው። እንደ አያት ሎሎ የምንላቸው ጎረቤታችን ኢንቶንግ ደግሞ ፊደል አልቆጠሩም። አርባ ዓመት ዓሣ ሲያጠምዱ ኖረው፣ አድማስ ላይ ያለች ጀልባ የማን እንደሆነች ይለያሉ። እጃቸው ላይ ያለው ዳቦ ይሁን ድንጋይ ግን አያዩም። ስለዚህ መጽሔቱ ላይ በተከታታይ የሚወጣውን «የፌሊሳ መልሕቅ»ን በየሳምንቱ የማነብላቸው እኔ ነኝ።

አነባለሁ?... እሺ፣ ለራሴ እንኳ ልመን። ከገና ወዲህ አላነበብኩም። እፈጥራለሁ።

ያኔ የፌሊሳ እጮኛ የመርከበኛው የሮዴል መርከብ ሰመጠች። ስድስተኛው ገጽ ላይ። ሞተ። እንዳለ አነበብኩት። ሎሎ ኢንቶንግ የጎረሱትን ዳቦ ሳያላምጡ ተነስተው ሄዱ። ልጃቸው አንሴልሞ መርከበኛ ነው። ሁለት ዓመቱ፣ ደብዳቤ የለም፣ ወሬ የለም። በሳምንቱ አፌን ስከፍት ሮዴል ዋኝቶ አንድ ደሴት ላይ ወጣ። ይኸው እስከ ዛሬ ኮኮናት ይበላል። እንዳይደብረው ዝንጀሮም ሰጥቼዋለሁ።

ዛሬ ሎሎ ገጹን በክንዳቸው ልክ አርቀው፣ «ይሄ የሬሳ ሣጥን አይደለም?»

«የዓሣ ሣጥን ነው ሎሎ።»

«መስቀል ያለበት?»

«የጳጳሱ ዓሣ ነው።»

ቾሌንግ ታጋልጠኛለች ብዬ አልሰጋም። እሷ የምታነበው መጨረሻ ላይ ያለውን የጭራቅ ታሪክ ብቻ ነው።

ረቡዕ፣ ኤፕሪል 28

አለቀልኝ።

የሲኒማ ቤቱ ግድግዳ ላይ ትልቅ ሥዕል ለጥፈዋል። ፌሊሳ ታለቅሳለች። «የፌሊሳ መልሕቅ» ፊልም ሆኗል! ለከተማው በዓል፣ ሜይ 9 ይታያል። ሎሎ ከአሁኑ ነጭ ሸሚዛቸውን ስታርች አስደርገዋል።

«ያችን ደሴት በዓይኔ ላያት ነው!»

«ሎሎ፣ ሲኒማ ቤቱ ቁንጫ አለው።»

«እኔን ሻርክ ነክሶኛል። ቁንጫ ምን ታደርገኛለች?»

ሸራው ደግሞ ትልቅ ነው። ሩቅም ነው። አንድ ነገር አያመልጣቸውም።

ዓርብ፣ ኤፕሪል 30

ቲኬት አልቋል አልኳቸው። ሎላ ቀድማ ሦስት ገዝታለች።

ቅዳሜ፣ ሜይ 1

መጽሔቱን አውቶቡሱ አላመጣውም ብዬ አመለጥኩ። ግን እስከ መቼ? ሰው በተሰበሰበበት፣ በጨለማ፣ ሸራውን እያዩ፣ ዝግጁ ሳይሆኑ... አይሆንም። ራሴ እነግራቸዋለሁ። ይቆጡ። ይምቱኝ። ነገ። አይ፣ ነገ ቅዳሴ አለ። ሰኞ። ሰኞ ካልነገርኳቸው ይህን ደብተር ለወሬኛዋ ለቾሌንግ እሰጣታለሁ።

ሰኞ፣ ሜይ 3

ነገርኳቸው። ሎሎ በዳሰሳ መረብ እየጠገኑ ነበር።

«ሞቷል ነው የምትዪኝ?»

«ስድስተኛው ገጽ ላይ።»

«ኮኮናቱስ?»

«እኔ ነኝ።»

«ዝንጀሮዋ?»

«እሷም እኔ ነኝ።»

እጃቸው ቆመ። «ማታ ማታ ለዚያ ልጅ እጸልይ ነበር እኮ... የሚጠጣው ውሃ እንዳያጣ።»

ለየትኛው ልጅ ብዬ አልጠየቅኩም። በጣታቸው በሩን አሳዩኝ።

ለሎላም ነገርኳት። «ዝንጀሮዋን ግን ወድጃት ነበር» አለች።

ቅዳሜ፣ ሜይ 8

አግዳሚው በግራ በኩል ባዶ ነው። ለሎላ ቃል በቃል አነበብኩላት። እውነቱን ለመናገር የእኔን ያህል አይጥምም።

እሑድ፣ ሜይ 9

ሎሎ መጡ! እንደ ቆርቆሮ የደረቀ ሸሚዛቸውን ለብሰው፣ ከእኛ ርቀው ተቀመጡ። መርከቧ ስትሰምጥ ሲኒማ ቤቱ በሙሉ ተንሰቀሰቀ። ሎላ በእኔ ቀሚስ ተናፈጠች። እሳቸው ንቅንቅ አላሉም።

መውጫው ላይ ጠበቁኝ። «የሰመጠ ሰው ፀጉሩ እንዲህ አይበጠርም» አሉ። ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው፣ «ነገ ጠዋት ነይ። ብቻሽን። አፍሽንም ዝጊ።»

ሰኞ፣ ሜይ 10

ከብስኩት ጣሳ ውስጥ ደብዳቤ አወጡ። ያልተከፈተ። የአንሴልሞ። የሁለት ዓመት!

«ደብዳቤ የለም ይሉ አልነበር እንዴ?»

«ማን ያንብብልኝ? ቾሌንግ? ቁርሴን ሳልጨርስ ገበያው ይሰማዋል። ቄሱ ደግሞ ይመክሩኛል።» ጣሳውን ከደኑ። «ፈራሁም፣ ኔኔ ልጄ።»

«እኔ ውሸታም ነኝ እኮ ሎሎ።»

«ማንም ሳይዝሽ መጥተሽ ነገርሽኝ። በይ፣ ቃል አትጨምሪ፣ ቃል አታጉድዪ።»

አጭር ነው። «አባቴ፣ መርከብ ከተሳፈርክ አባት የለህም ያሉኝ ከጆሮዬ አልወጣም። ለዚህ ደብዳቤ መልስ ካልላኩልኝ፣ ያሉት እውነት ነው ብዬ እቀበላለሁ። ሁለተኛ አልጽፍም።»

የመጨረሻው መስመር ላይ ምላሴ ተያዘ። ሌላ ተዘጋጅቶልኝ ነበር እኮ... «ለገና እመጣለሁ» የሚል፣ ያማረ። ዋጥኩት። እንዳለ አነበብኩ።

አንዲት ዶሮ ገብታ ወጣች።

«አድራሻ አለው?»

«ጀርባው ላይ። ማኒላ፣ የመርከቡ ኩባንያ።»

«ወረቀት አለሽ?»

ቅዳሜ፣ ሜይ 22

አሥራ አንድ ወረቀት ቀድደናል። ስለ ዝናቡ፣ ስለ ጀልባ ቀለም፣ ስለ ቾሌንግ ሪህ ያስጽፉኛል። «ሁለት ዓመት የጠበቀው ይህን ለመስማት ነው?» ብላቸው ጫማ ወረወሩብኝ። ሳቱኝ።

ዛሬ ግን ሳልጎተጉታቸው፣ በራሳቸው ጊዜ፣ «ጻፊ» አሉ። «አባት አለህ።»

«ከዚያስ?»

«አለቀ። ስሜን እንዴት እንደሚጻፍ አሳዪኝ።»

ረፋዱን ሙሉ ፈጀብን። ወረቀቱን አርቀው ካልያዙ አያዩ፤ ካላቀረቡ አይጽፉ። ላብ በላብ ሆኑ። ስማቸው ግማሽ ገጽ ሞላ፣ ጭራው ወደ ታች ወርዶ። አንድም ፊደል አላረምኩም።

በሱቁ በኩል ስሮጥ ቾሌንግ አንገቷን ሰገግ አድርጋ፣ «ሽማግሌው ምን ጻፉ?»

«ስለ ሪህዎ ነው!»

ፖስታ ቤቱ ሳይዘጋ ደረስኩ።