የጉልሰን ስልክ እኔ ጋ በነበረበት ሳምንት

ጥቅምት 4

ጉልሰንን ከሆስፒታል አመጣኋት። የግራ ዓይኗን ሞራ አወጡላት። ማጎንበስ የለም፣ ማሸት የለም፣ ጠብታው በቀን አራት ጊዜ። «ማልቀስስ?» ብላ ነርሷን አሳቀቻት።

ስልኳን ሰጠችኝ። «የሚመጣውን አንብቢልኝ።» ድሮም የማነብላት እኔ ነኝ፤ አሥራ ሁለት ዓመት በር ለበር ኖረናል። እሷ ፊደል አልቆጠረችም። እኔም የቆጠርኩት በሠላሳ ሦስት ዓመቴ ነው፤ ለብቻዬ፣ ባሌ ካሳዬ ሥራ ሲሄድ በሚተወው ጋዜጣ። እንግሊዝኛውን ደግሞ ከአውቶቡስ ማስታወቂያ። አገር ቤት ያለችው የእህቷ ልጅ ሮጂን በእንግሊዝኛ የምትጽፈው ለእኔ ብላ ነው።

ዝናብ ነው። ምስር ሠርቼ ወሰድኩላት።

ጥቅምት 5

ምሳ ሰዓት ላይ ከሮጂን መልእክት መጣ። ሦስት ጊዜ አነበብኩት። «ትናንት አመሻሽ ታጣቂዎች መንደራችን ገቡ። ቤቶቹ ላይ ተኮሱ። ሰባት ሰው ሞተ፣ አራቱ ልጆች ናቸው። አጎቴ ሃሊል በጣም ተጎድቷል። አክስቴ ቶሎ ትደውል።»

ሃሊል ያሳደጋት ወንድሟ ነው። ከእህት ከወንድም የቀራትም እሱ ብቻ።

በጣም ተጎድቷል... ይህን አነጋገር አላውቀውም? እኛም ሰው ሲሞት «ጠና ብሎታል» ነው የምንለው፤ ልብ እንዲዘጋጅ። ሃሊል ሞቷል።

ስልኩን ኪሴ ከትቼ ገባሁ። «ምን መጣ?» አለች።

«ማስታወቂያ ነው።»

«ምን ሊሸጡልኝ?»

«ምንጣፍ።»

«ለቱርክ ምንጣፍ!» ሳቀች። ከዚያ «ለኩርድ» ብላ ራሷን አረመች።

ካሳዬን ያኔ በስልክ ነው የነገርኩት። «እናትህ አረፉ» ብዬ። እዚሁ ከተማ፣ ዌምብሊ የሚባል ሰፈር፣ መጋዘን ውስጥ፣ ብቻውን ዕቃ ሲጭን። ሰው አልሰበሰብኩ፣ እህል ይቅመስ አላልኩ። ተዝለፍልፎ ወድቆ ሰዎች አመጡልኝ። ከዚያ ወዲያ አልዳነም። በስምንተኛ ወሩ እሱም አረፈ... ሁለተኛ እንዲህ አላደርግም።

ጥቅምት 6

ሮጂን ሁለቴ ደወለች፤ ጠዋት አንዴ፣ ከሰዓት አንዴ። ስልኩን ድምፁን አጥፍቼ ኪሴ ይዤዋለሁ። አላነሣሁም። ባነሣ ምን ልላት? ከዚያ ጻፈች፤ «እባክሽ ትደውል፣ ጊዜ የለም።» ቀብሩን ማለቷ ነው። እነሱ ቀብር አያቆዩም። ብትሰማስ ከዚህ ሆና ምን ታደርጋለች?

ጓደኛዬን ዓይናዲስን ቤተ ክርስቲያን አግኝቼ አማከርኳት። ቅዳሜ ማለዳ እሷና አስካለማርያም ይመጣሉ፤ ሦስት ሆነን እናረዳታለን። እስከዚያ ትብላ፣ ዓይኗም ይጽናላት።

«በቱርክኛ ማን ሊያለቅስልን ነው?» አለች ዓይናዲስ።

«በኩርድኛ።»

«እሱንስ ማን ያውቃል? በአማርኛ አለቅሳለሁ፣ የሺዬ። ይገባታል።»

ከሰዓት ከጉልሰን ጋር ሩዝ በላን። ስለ ሃሊል ስታወራ ዋለች... ሳልጠይቃት። መንደሩ ለሁለት የተከፈለ ነው አለች። ከመንግሥት ጠመንጃ የተቀበለ አለ፣ ልጁን ተራራ ላይ ወዳሉት ሸማቂዎች የላከ አለ። ሃሊል ሁለቱንም እምቢ አለ። ንብ ነው የሚያረባው። «ንቦቼ ተኩስ አይወዱም ይላቸዋል» ብላ እስክታስል ሳቀች። እኔም አብሬ ሳቅሁ። እንዴት ሳቅሁ?

ጥቅምት 7

ፀሐይ ወጣ። ፓርኩ ድረስ ክንዷን ይዤ ሄድን። በታከመው ዓይኗ የቅጠሉን ቀለም አየች። «ቢጫ ይህን ያህል ቢጫ ነበር?» አለች። ስልኩን ቤት ትቼው ነበር። ስንመለስ አሥራ አንድ ጊዜ ተደውሏል። አልከፈትኩትም። ነገ ማለዳ ነው።

ጥቅምት 8

መጻፍ ይቻለኛል?

ነጠላ ለብሰን ሦስታችን ገባን። ገና ስታየን ተነሣች። «ማን ሞተ?» አለች። ሃሊል አልኳት። ረቡዕ መልእክት እንደመጣም ነገርኳት። አልጮኸችም። እጇን ዘረጋች። «ደውይ።»

ደወልኩ። በኩርድኛ አወሩ። ከዚያ ስልኩን ወደ እኔ አዞረችው። ሮጂን ነበረች።

«መልእክቴን አላነበብሽም?»

«አንብቤዋለሁ።»

«ሦስት ቀን ቆየ። ትናንት ከሰዓት ነው የሞተው። እህቴ ደወለች ወይ እያለ። ስልኩን ጆሮው ላይ ይዤለት ነበር... ይጠራል፣ ማንም አያነሣም።»

ዓይናዲስ እንደ ቃሏ ድምፅ አውጥታ ታለቅሳለች። ደረቷን ትመታለች።

«አስቁሚያት» አለች ጉልሰን።

ጥቅምት 9

አንኳኳሁ። አልከፈተችም። ጠብታውን ማን ያደርግላት ይሆን?

ጥቅምት 14

ደረጃው ላይ አገኘኋት። ማስረዳት ሞከርኩ። እኛ አገር ሞቷል አይባልም፣ ታሟል ይባላል፣ ከዚያ ሰው ተሰብስቦ... ስለ ካሳዬም ነገርኳት። ለማንም ነግሬ አላውቅም። እስክጨርስ ሰማችኝ።

«እኛ አገር ታሟል ማለት ታሟል ነው» አለች።

ጥቂት ደረጃ ወርዳ ቆመች። «የተኮሱት ሰዎች በሩን ያስከፈቱት በእኛ ቋንቋ ነው። ሃሊልም የእኛ ሰው መጣ ብሎ ከፈተ።» ይህን ለምን ነገረችኝ? ሄደች።

ጥቅምት 20

ምንም። ከግድግዳው ወዲያ ቧንቧ ሲከፈት እሰማለሁ። አለች ማለት ነው።

ኅዳር 2

ራሷ መጣች። ሻይ አልፈልግም አለች። ኮቷን ሳታወልቅ ወንበሩ ጫፍ ላይ ተቀመጠች።

«ሐሙስ ሲደውሉ ምን እያደረግን ነበር?»

ሰው የለም። እኔና እሷ ብቻ። ማለዳም አይደለም፣ እህልም አልቀመሰች።

«ከሰዓት ነው የደወለችው። ሩዝ እየበላን ነበር።»

«ስለ ምን እናወራ ነበር?»

«ስለ ንቦቹ።»

«ስቄ ነበር?»

«ስቀሽ ነበር።»

ጉልበቷን አሸች። የምትነሣ መሰለኝ። አልተነሣችም።

«ዓርብስ?» አለች።